በጣና ዳር የሚታሰበው የቀለም አስማተኛ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

ምናባዊ ልብ ወለድ ለመጻፍ ለሚነሳ ሰው ጣና ላይ የሚኖር የቀለም ሊቅ መፍጠር ቀላል ነው። ደሴቱ አለ፣ ብራናው አለ፣ ግድግዳው ሁሉ ሥዕል የሆነ መቅደስ አለ። በቀይ ቀለም እሳት የሚያስነሳ፣ በሰማያዊ ማዕበል የሚያረጋ ሊቅ በእውን የለም፤ ፈጠራ ነውና ይፈጠር፣ እኔም አነባለሁ። የማይዋጥልኝ ፈጠራው የአባቶቻችን ትውፊት ነው ተብሎ ሲነገር ነው። ባሕር ዳር ውስጥ ይህ ጨዋታ ሲነሳ የምሰማቸውን የተሳሳቱ አባባሎች አንድ በአንድ ልያዛቸው።

«እንዲህ ያለው ሊቅ የገዳም መነኩሴ ነው»

ከክፉ ይጠብቃል የሚባለውን የብራና ክታብ የሚጽፈው፣ በላዩም ጠልሰም የሚባለውን ሥዕል የሚስለው አብዛኛውን ጊዜ ደብተራ ነው። ደብተራ ዜማና ቅኔ የተማረ፣ ማኅሌት የሚቆም፣ ሚስት አግብቶ ልጅ የሚያሳድግ ሰው ነው፤ ቅስናም ምንኩስናም የለውም። ክታቡን የሚሠራው በግሉ ነው፤ ቤተ ክርስቲያን አስማቱን ታወግዛለች። በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ጠንቋይና አስማተኛን አጥብቀው ማሳደዳቸው የታወቀ ነው። ስለዚህ አስማተኛን ክብራን ገብርኤል ወይም ዳጋ እስጢፋኖስ አስቀምጦ «የገዳሙ ምስጢር ይህ ነው» ማለት በጸሎት የሚኖሩትን አባቶች ስም ማጥፋት ነው። ለደራሲም ቢሆን ደብተራው ይሻላል፦ ጠዋት ማኅሌት ቆሞ፣ ማታ በር ዘግቶ የሚጽፍ ሰው ነው።

«ኃይሉ ያለው በቀለሙ ነው»

ዋናው ስሕተት ይህ ነው። ክታብ የሚጻፈው በበግ ወይም በፍየል ብራና ላይ ነው፤ ርዝመቱ በባለቤቱ ቁመት ልክ የሚሆንበት ጊዜ አለ፤ ተጠቅልሎም በቆዳ ማኅደር ይሰፋል። ጽሑፉ ጥቁርና ቀይ ነው፤ ሥዕሉ ላይ ቢጫ፣ አረንጓዴ ወይም ሰማያዊ ሊጨመር ይችላል። ከክፉ መንፈስ ይጠብቃል ተብሎ የሚታመነው ግን ስሙ ነው፦ የእግዚአብሔርና የመላእክት ኅቡዕ ስሞች፣ ሕፃናትን ትገድላለች የምትባለውን ወርዝልያን ያጠፋው የቅዱስ ሱስንዮስ ታሪክ፣ ከዚያም የባለቤቱ የክርስትና ስም። አንዳንዱ ክታብ አስቀድሞ ተጽፎ ለስሙ ባዶ ቦታ ይተውለታል። ባለቤቱ ሲለወጥ የፊተኛው ስም ተፍቆ የአዲሱ ስም የገባበትም ክታብ አለ። ቀለሙ እንዳለ ነው፤ የተለወጠው ስሙ ብቻ ነው።

ከስሙ ቀጥሎ ዓይን ነው። ጠልሰም ውስጥ ስምንት ጫፍ ያለው ኮከብ፣ መስቀል፣ ፊት፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ አፍጥጠው የሚያዩ ዓይኖች አሉ። በሽተኛው እነዚህን ሲያይ ያደረበት መንፈስ ደንግጦ ይሸሻል ተብሎ ይታመናል። «ሰማያዊ ይፈውሳል፣ ቢጫ ይረግማል» የሚል ሥርዓት በዚህ ውስጥ የለም። ቀለም ተለይቶ ሲጠየቅ የሚሰማው ዛር ቤት ነው፤ ዛሩ ቀይ ዶሮ ወይም ገብስማ አምጡልኝ ይላል። እርሱም ቢሆን የመንፈሱ ምርጫ ተደርጎ ነው የሚታየው።

«ቀይ ማለት ደም ነው»

ማንኛውንም የብራና ዳዊት መግለጥ ይበቃል። በቀይ የተጻፈው አርእስቱ ነው፤ በሌሎች መጻሕፍትም የእመቤታችንና የቅዱሳን ስም በቀይ ይጻፋል። ቀይ የክብር ቦታ ነው።

«ጥቁር ክፉ፣ ነጭ ደግ»

ሰይጣን ጠቁሮ የሚሳልበት ሥዕል መኖሩ እውነት ነው። ነገር ግን ዘጌ ላይ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ገብቶ ግድግዳውን የሚያይ ሰው ደጉን ከክፉው የሚለየው በዓይን ነው፦ በቆየው የአሣሣል ልማድ ቅዱሳን ሙሉ ፊታቸው፣ ሁለት ዓይናቸው ይታያል፤ ክፉዎች በጎን ይሳሉና አንድ ዓይናቸው ብቻ ይታያል። ከቤተ ክርስቲያን ቅዱሳን መካከል ደግሞ ሙሴ ጸሊም፣ ማለትም ጥቁሩ ሙሴ፣ አለ፤ ጥቁረቱ ከስሙ ጋር አብሮ ይከበራል።

«ቀለሙ ሁሉ ከሐይቁ ዳር ቅጠል የተቀመመ ነው»

ለጎብኚ ሲነገር ደስ ይላል፤ እውነቱ ግን ግማሽ ነው። ጥቁሩ ቀለም በእርግጥ የአገር ቤት ነው፤ ከጥላሸት ተዘጋጅቶ ከሙጫ ጋር ይዋሐዳል፣ እስኪበስልም ወራት ይቆያል። ለሥዕል ይውሉ ከነበሩት ደማቅ ቀይና ቢጫዎች ግን አንዳንዶቹ ማዕድን ናቸው። ሰማያዊው አብዛኛውን ጊዜ ከባሕር ማዶ በንግድ የሚመጣ ውድ ዕቃ ነበር፤ ኋላም የፋብሪካ ቀለም ተተካ። በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን እቴጌ ምንትዋብ ደቅ ደሴት ላይ ናርጋ ሥላሴን ሲያሠሩ ጎንደር ከምጽዋ ጋር በሲራራ ነጋዴ ትገናኝ ነበር። የልብ ወለዱ ሊቅ በዚያ ዘመን ቢኖር፣ ሰማያዊ ሲያልቅበት ቅጠል ፍለጋ ጫካ አይወጣም፤ ጎንደር ገበያ ወርዶ ነጋዴው መቼ እንደሚገባ ይጠይቃል፣ በዋጋም ይከራከራል።