«ወንድም ይሁን ሴት፣ ባሪያም ይሁን ነፃ»

ሰሞኑን ይቺን አባባል አንድ ፎቶ ሥር ተጽፋ አየኋት። የለጠፈው ሰው «ሮማውያን ያኔም እኩልነት ገብቷቸው ነበር» ብሎ ያደንቃል። ከገላትያ መልእክት ጋር ተምታቶበት መሆን አለበት። ጳውሎስ «ባሪያ ወይም ጨዋ ሰው የለም» ሲል ሰውን አንድ ሊያደርግ ነው። ይቺ ግን የሌባ መርገሚያ ናት!

ነገሩ እንግሊዝ አገር፣ ባዝ ከተማ ነው። እዚያ 46 ዲግሪ ገደማ የሚሞቅ ፍል ውሃ አለ። የአገሬው ሰው የውሃዋን አምላክ ሱሊስ ይላት ነበር። ሮማውያን ሲመጡ አላባረሯትም፤ ከራሳቸው የጥበብ አምላክ ከሚነርቫ ጋር አዳብለው ቤተ መቅደስ ሠሩላት። መታጠቢያም አስከተሉ። ሰው ልብሱን አውልቆ በሚገባበት ቦታ ደግሞ ሌባ አይጠፋም። ሀብታሙ ልብሱን ባሪያ ይጠብቅለታል። ድሃው ታጥቦ ሲወጣ ካባው የለም።

ያኔ አቤቱታው ለሱሊስ ነው። እርሳስ የሚባለውን ብረት ቀጥቅጦ ያሳሳል፣ በሹል ነገር ይጭርበታል፣ ጠቅልሎ እንፋሎቱ መሃል ይወረውረዋል። እንዲህ ያሉ 130 ገደማ ጽሑፎች ከምንጩ ወጥተዋል። ዶኪሊያኑስ የተባለ ሰው ቆብ ያለው ካባው ተሰርቆበት፣ የወሰደው «ወንድም ይሁን ሴት፣ ባሪያም ይሁን ነፃ» ካባውን መቅደሷ ድረስ እስኪያመጣ እንቅልፍም ልጅም እንዳያገኝ ለምኗል። ዶኪሜዲስ ደግሞ የሌባውን አእምሮና ዓይን ጠይቋል። ለሁለት ጓንት! ስድስት የብር ሳንቲም የተሰረቀበት አኒያኑስ «አረማዊም ይሁን ክርስቲያን» የሚል ጨምሯል። አንዳንዱማ ብልጥ ነው፤ የጠፋበትን ዕቃ ለአምላኳ ይሰጣታል። ከዚያ በኋላ የተሰረቀችው እሷ ናት፣ ትፈልገው እንግዲህ።

አነጋገሩ ከየት መጣ? የጠበቃ ቋንቋ ነው የሚል አይጠፋም። እኔ ግን ከገበሬ ነው ባይ ነኝ። ሮማዊው ካቶ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2ኛው ክፍለ ዘመን ለገበሬ ሲመክር፣ የተቀደሰ ደን ከመመንጠርህ በፊት አሳማ ሠዋ፣ «አምላክ ብትሆን ወይም እንስት አምላክ» በል ይላል። የደኑ ባለቤት ማን እንደሆነ አይታወቅማ። ስሙን የማታውቀውን ሁሉ አንድም ሳይቀር መጥራት እዚያ ተለመደ፤ ኋላ ለሌባም ዋለ። ማስረጃ ብትሉኝ የለኝም፣ ግን ይጥመኛል።

ለማንኛውም እኩልነት መስበክ የፈለገ የጳውሎስን ይጥቀስ። ይቺኛዋን በር ላይ ያወለቀውን ጫማ ላጣ ሰው ይተውለት።