ስለ ኢንዶኔዥያ ሙዚቃ በስህተት የሚወራው

«ኢንተርኔት ከገባ ወዲህ የኢንዶኔዥያ ወጣት የሚሰማው ኬ-ፖፕ (የደቡብ ኮሪያ ፖፕ) ብቻ ነው» ሲባል ደጋግሜ ሰምቻለሁ። ኬ-ፖፕ እዚያ ብዙ አድናቂ አለው፣ አይካድም። የአገሩ ዘፈን ግን አልሞተም። እንዲያውም ነፍስ የዘራበት ስልኩ ነው።

ዲዲ ኬምፖትን እንውሰድ። በጃቫ ደሴት የሶሎ ከተማ ልጅ ነው፤ ይዘፍን የነበረውም በደሴቱ ቋንቋ በጃቫኛ ነው። የጀመረው መንገድ ላይ ነው፤ «ኬምፖት» የሚለው ስም ራሱ የእግረኛ መንገድ ዘፋኞች ቡድን ለማለት ያጠሩት ነው። አንዱ ታዋቂ ዘፈኑ በሶሎው ባላፓን ባቡር ጣቢያ ስለ ተለያዩ ፍቅረኞች ነው፤ ቶሎ እመለሳለሁ የተባለለት ጉዞ፣ ከዚያ ወሬው ጥፍት። እ.ኤ.አ. በ2019 ወጣቶች ኮንሰርቱ ላይ አብረውት እየዘፈኑ ሲያለቅሱ የሚያሳዩ ቪዲዮዎች ተሰራጩና ጊዜው ያለፈበት የመሰለው ዘፋኝ እንደ አዲስ ነገሠ። አድናቂዎቹ ራሳቸውን «ሶባት አምቢያር» አሉ። ሶባት ወዳጅ ነው፣ አምቢያር ደግሞ ብትንትን ያለ። በኮሮናው ሚያዝያ 2020 ከቤቱ ሆኖ በቴሌቪዥን ዘፈነና ለተቸገሩ ከ5 ቢሊዮን ሩፒያ በላይ አሰባሰበ። ወር ሳይሞላው በ53 ዓመቱ አረፈ። ይህን ሳስብ ዛሬም ሆዴ ይባባል።

ዳንግዱት በኢንዶኔዥያ በጣም የሚወደድ የጭፈራ ሙዚቃ ነው። «ዳንግዱት የገጠሬ ዘፈን ነው» የሚለው ንቀት ደግሞ እዚያው ኢንዶኔዥያ የተወለደ ነው፤ «ካምፑንጋን»፣ ገጠሬ፣ ይሉት ነበር። ስሙ የከበሮው ድምፅ ነው፦ ዳንግ፣ ከዚያ ዱት። ዘፋኙ ሮማ ኢራማ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ የማላይን ዜማ ከህንድ ፊልም ዘፈንና ከሮክ ጊታር ጋር አዋህዶ አሳደገው። ነሐሴ 17 ቀን 2022 (እ.ኤ.አ.)፣ በነፃነት ቀን፣ አንድ የ12 ዓመት ልጅ በቤተ መንግሥቱ ግቢ በጃቫኛ ሲዘፍን ሚኒስትሮች ተነስተው ጨፈሩ። ገጠሬ ያሉት ዘፈን እዚያ ደረሰ።

አንድ ቪዲዮ አገር ምድሩን ማዳረስ የጀመረው በዩቲዩብ ነው? አይደለም። የዳንግዱት ዘፋኟን ኢኑል ዳራቲስታን እ.ኤ.አ. በ2003 አገር ያወቃት ከምሥራቅ ጃቫ ድግሶች ተቀርጾ በየገበያው እየተባዛ በተሸጠ ቪሲዲ (የቪዲዮ ሲዲ) ነው።

«ሙስሊም አገር ስለሆነ ሴት ሮክ አትጫወትም» ለሚለውማ ቮይስ ኦፍ ባቸፕሮት የተባለውን ባንድ ማየት ይበቃል። ከምዕራብ ጃቫዋ ጋሩት የመጡ፣ ሂጃብ የለበሱ ሦስት ሴቶች ናቸው፣ የሚጫወቱትም ሜታል፣ ከባዱን ሮክ፣ ነው። በአካባቢያቸው ቋንቋ በሱንዳኛ ባቸፕሮት ጫጫታ ማለት ነው። በ2024 እንግሊዝ አገር ግላስተንበሪ ፌስቲቫል መድረክ ላይ ወጥተዋል፤ ከኢንዶኔዥያ የመጀመሪያው ባንድ እነሱ ናቸው።