«ዱር ቤቴ» ያለው ማን ነው?

ሰሞኑን አንድ ወጣት ሐይቅ ዳር ያለ ሎጅ ሁለት ቀን አድሮ ፎቶውን ለጠፈ። ከሥሩ «ዱር ቤቴ ብያለሁ» ብሏል። ፎቶው ያምራል። አባባሉ ግን ቦታውን ስቷል።

ብዙ ሰው አባባሉን የሽፍታና የአርበኛ ያደርገዋል። እውነት ነው፣ ጣልያን በ1928 ዓ.ም. ሲገባ እነ በላይ ዘለቀ ጎጃም ላይ ዱር ቤቴ ብለዋል። እኔ ግን አባባሉ ከዚያ በፊት የመናኝ ነበር ባይ ነኝ። ሽፍታ ልቡ ቀዬው ነው። ርስቱን ያስባል፣ ምሕረት ካገኘ ይገባል። አርበኛም የሚዋጋው አገሩ ሊገባ ነው። መነኩሴ ግን ሲመነኩስ በቁሙ ጸሎተ ፍትሐት ይደረስለታል። ለዓለም ሞቷል። ለሞተ ሰው ደግሞ ማንም ቤት አይጠብቅለትም። ታዲያ ከእሱ ሌላ ዱሩን ከልቡ «ቤቴ» የሚል ማን አለ? የዋልድባን ገዳም አስቡ። እህል አይቀመስበትም፣ መነኮሳቱ የሚበሉት ቋርፍ የሚባል እህል የሌለበት ምግብ ነው።

ደቡብ ጎንደር ባደግሁበት ገጠር፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ባለው ደን አንድ ባሕታዊ ነበሩ። አያቴ ሽምብራ ትዘፈዝፍና በቅል ታስይዘናለች። ወደ ውስጥ አንዘልቅም። ጥዱ ሥር፣ ድንጋዩ ላይ አስቀምጠን እንመለሳለን። ከቀናት በኋላ ስንሄድ ቅሉ ታጥቦ፣ ተደፍቶ ይጠብቀናል። አንዳንዴ ሽምብራው ሳይነካ ጎንቁሎ እናገኘዋለን። ያን ጊዜ አያቴ «ሱባዔ ይዘዋል» ትልና አማትባ ሌላ ትዘፈዝፋለች። ከየት እንደመጡ፣ ማን ይባሉ እንደነበር መጠየቅ ነውር ነበር። ፊታቸውን አንድም ቀን አላየሁም። ዱር ቤቴ ሲባል ግን ዛሬም የሚታየኝ ያ የተደፋ ቅል ነው።

አሁን ሥራ የለቀቀ ዱር ቤቴ፣ ከፍቅረኛው የተጣላ ዱር ቤቴ፣ ስልኩን ለአንድ ቀን ያጠፋ ዱር ቤቴ ይላል። እንዴት ነው ነገሩ? ለደከመው ሰው እረፍት አለ፣ ሽርሽር አለ። ሁለቱም ደግ ነገር ናቸው፣ ስማቸውም አያሳፍርም። የቤቱን ቁልፍ ኪሱ ከቶ የወጣ ሰው ሽርሽር ወጣሁ ይበል። እባካችሁ፣ ልጆቻችሁ አባባሉን ያለቦታው ሲሉት ስትሰሙ ዝም አትበሉ፣ አርሟቸው።