ፐርቬዝ ማሊክ፦ የ«አርማን» ዳይሬክተር

ስለ 1960ዎቹ የፓኪስታን ሲኒማ ሲወራ ቀድሞ የሚነሳው ተዋናዩ ዋሂድ ሙራድ ነው። ፊልሞቹን ያዘጋጀለት ፐርቬዝ ማሊክ የሚገባውን ያህል አልተወራለትም። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ማሊክ በ1937 ተወለደ። አሜሪካ፣ በሳውዘርን ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም ተምሮ ወደ ካራቺ ተመለሰ። የልጅነት ጓደኛው ሙራድ ያኔ «ፊልም አርትስ» የተባለ ኩባንያ ነበረው። የዘፈን ገጣሚው ማስሩር አንዋርና የሙዚቃ ደራሲው ሶሄል ራና ሲጨመሩ ቡድኑ ሞላ። በ1964 «ሂራ ኦር ፓታር»ን ሠሩ፤ ተወደደላቸው።

ትልቁ ሥራቸው ግን በመጋቢት 1966 የወጣው «አርማን» ነው። የ1965ቱ የህንድና የፓኪስታን ጦርነት ገና ማለፉ ነበር። የህንድ ፊልም በፓኪስታን ሲኒማ ቤቶች ታግዷል፤ ተመልካቹ የአገሩን ፊልም ይጠብቃል። «አርማን» ሰባ አምስት ሳምንት ታየ። ፕላቲነም ኢዮቤልዩ (ሰባ አምስት ሳምንት የመታየት ክብር) የደረሰ የመጀመሪያው የኡርዱ ቋንቋ ፊልም የሚባለውም እሱ ነው። «አኬሌ ና ጃና» የተባለው ዘፈኑ ሁለት ጊዜ ይሰማል፤ አንዴ በአህመድ ሩሽዲ፣ አንዴ በማላ ድምፅ። ያው ዜማ በወንድና በሴት ድምፅ ሲመጣ ስሜቱ ፍጹም ሌላ ነው። ሩሽዲ የዘፈነው «ኮ ኮ ኮሪና» ደግሞ የደቡብ እስያ የመጀመሪያው ፖፕ ዘፈን ነው የሚሉ ብዙ ናቸው። ይህ ሊያከራክር ይችላል። ዘፈኑ አለመሞቱ ግን አያከራክርም፤ በ2018 ኮክ ስቱዲዮ የተባለው የፓኪስታን የሙዚቃ ፕሮግራም እንደ አዲስ ሲሠራው አድማጩ «ዋናውን አበላሻችሁት!» ብሎ ተነሳባቸው።

በ1967 «ኤህሳን» እና «ዶራሃ» ተከተሉ። ከዚያ ቡድኑ ተበተነ። ምስጋናው ሁሉ ለሙራድ መሄዱ ነው ያራራቃቸው ይባላል። እውነት ከሆነ በማሊክ አይፈረድም። በ1974 በ«ዱሽማን» ሁለቱ ጓደኛሞች እንደገና አብረው ሠሩ።

ማሊክ ያለ ሙራድም ቆሞ መሄድ እንደሚችል አሳይቷል። «አንሞል» (1973)፣ «ፔህቻን» (1975) እና «ታላሽ» (1976) ተወዳጅ ነበሩ፤ በሦስቱም ዋናዋ ተዋናይት ሻብናም ናት። በ1981 «ኩርባኒ»ን ሠራ። ከዚያም በኋላ ፊልም መሥራቱን አላቆመም።

ማሊክ በኅዳር 2008 ላሆር ውስጥ አረፈ። ልጁ ኢምራን ማሊክም የአባቱን ሙያ ይዟል፤ በ2018 የወጣው «አዛዲ» የእሱ ሥራ ነው።