የቤተሰብ ክስን አንስቶ በሌላ የሕግ መንገድ መቀጠል

ክስ ማንሳት ማለት ከሳሹ ዋናው ጉዳይ ውሳኔ ሳያገኝ ክሱን በራሱ ጥያቄ ማቋረጥ ነው። በኢትዮጵያ የቤተሰብ ችሎቶች ይህ የሚያጋጥመው በአንድ ወገን የቀረበ የፍቺ ጥያቄ ወደ ስምምነት ፍቺ ሲዞር፣ ክሱ ሥልጣን በሌለው ፍርድ ቤት መከፈቱ ሲታወቅ፣ ሽማግሌ ሲገባ ወይም ተከራካሪዎቹ ጉዳያቸው በሸሪዓ ፍርድ ቤት እንዲታይ ሲስማሙ ነው።

ጉዳዩ የሚመራው በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 278 እና ተከታዩ ነው። ክስ የሚነሳው በሁለት መንገድ ሲሆን ውጤታቸው የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃል። ከሳሹ ፈቃድ ሳይጠይቅ ካነሳ የተከሳሹን ወጪና ኪሳራ ሊከፍል ይችላል፤ በዚያው ጉዳይም ዳግመኛ መክሰስ አይችልም። ፍርድ ቤቱ ከፈቀደለት ግን አዲስ ክስ የማቅረብ መብቱ ይጠበቅለታል። ፈቃዱ የሚሰጠው ክሱ በአቀራረብ ጉድለት የሚወድቅ ሲሆን ወይም ሌላ በቂ ምክንያት ሲኖር ነው፤ ችሎቱ ወጪን የመሰለ ቅድመ ሁኔታ ሊያያይዝበት ይችላል።

ስለዚህ ማመልከቻው ላይ «ክሴን አንስቻለሁ» ብሎ ማቆም አደገኛ ነው። የመዝገብ ቁጥሩና የተከራካሪዎቹ ስም ከሰፈረ በኋላ ምክንያቱ በዝርዝር ይጻፋል፤ ዳኝነቱም «አዲስ ክስ የማቅረብ መብቴ ተጠብቆ መዝገቡ እንዲዘጋልኝ» ተብሎ ይጠየቃል። ትዕዛዙ ሲነበብ ይህ ሐረግ መግባቱን ማዳመጥ፣ ከዚያም ማኅተም ያረፈበትን ግልባጭ ከመዝገብ ቤት መውሰድ ያስፈልጋል። በጠበቃ ወይም በወኪል የሚነሳ ከሆነ ውክልናው ክስ ማንሳትን በግልጽ ይጥቀስ።

አዲሱን ክስ የመጀመሪያው መዝገብ ሳይዘጋ መክፈት የተለመደ ስህተት ነው። ተከሳሹ በቁጥር 244 መሠረት «ጉዳዩ በሌላ መዝገብ እየታየ ነው» ብሎ ይቃወማል፣ አዲሱም ክስ በዚያው ይሰናከላል። ከዚህ የሚብሰው ዝም ብሎ ከችሎት መቅረት ነው። ተከሳሹ ቀርቦ ክሱን ከካደ ክሱ ይሰረዛል፣ በዚያው ጉዳይ ድጋሚ መክሰስም ይከለከላል፤ ከሳሹ በቂ ምክንያቱን አስረድቶ መሰረዙን ለማስነሳት ያለው ጊዜ 1 ወር ብቻ ነው።

የይርጋ ጊዜም፣ ማለትም ክስ ለማቅረብ ሕጉ የወሰነው የጊዜ ገደብ፣ መዘንጋት የለበትም። ፈቃድ ተገኘ ማለት የጊዜ ገደቡ ቆሞ ይጠብቃል ማለት አይደለም። ባል ልጅነትን ለመካድ ልደቱን ካወቀበት ወይም ማወቅ ከነበረበት ቀን ጀምሮ ያለው 180 ቀን ነው፤ በዚህ ዓይነት ጉዳይ ክስ አንስቶ ሌላ መንገድ ማማተር መብቱን ለዘለቄታው ሊያሳጣ ይችላል።

መዝገቡ ሲዘጋ በውስጡ የተሰጡ ጊዜያዊ ትዕዛዞች አብረው ይወድቃሉ። የጋራው ቤት እንዳይሸጥ ለመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት የተጻፈ ዕግድ ካለ፣ ክሱ ተነስቶ አዲሱ እስኪከፈት ባለው ክፍተት ካርታው በሌላ ሰው ስም ሊዞር ይችላል። የልጅ ቀለብና አሳዳጊነትም እንዲሁ ነው። አዲሱን ክስና የዕግድ ማመልከቻ አዘጋጅቶ መያዝ፣ ትዕዛዙ በተሰጠበት ዕለትም ማስገባት ይህን ክፍተት ያጠብበዋል። ተከሳሹ የተከሳሽ ከሳሽነት፣ ማለትም በዚያው መዝገብ በከሳሹ ላይ የራሱን ክስ፣ አቅርቦ ከሆነ ደግሞ የዋናው ክስ መነሳት ያንን አያስቀረውም፤ ከሳሹ ለመልሱ መዘጋጀት አለበት።

ሽማግሌ ስለገባ ብቻ ክስ ለማንሳት መቸኮል አያስፈልግም። በአዲስ አበባና በድሬዳዋ የሚሠራው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ፍርድ ቤቱ ባልና ሚስቱን ወደ መረጧቸው ሽማግሌዎች እንዲልካቸው፣ እስከ 3 ወር የማሰላሰያ ጊዜም እንዲሰጣቸው ይፈቅዳል። ዕርቁ እስኪለይለት መዝገቡ ክፍት ቢቆይ የቀለቡም የዕግዱም ትዕዛዝ ሳይፈርስ ይጠብቃል። ወደ ሸሪዓ ፍርድ ቤት መሄድ ግን ሌላ ነው፦ የሁለቱም ፈቃድ ያስፈልጋል፣ በአዋጅ ቁጥር 188/1992 መሠረትም አንዴ ከተመረጠ በኋላ ጉዳዩን ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት መመለስ አይቻልም። የሌላው ወገን ፈቃድ በጽሑፍ ሳይገኝ የመደበኛውን መዝገብ ማዘጋት ከሳሹን ከሁለቱም ደጅ ውጭ ሊያስቀረው ይችላል።