የሳልሞን ጫጩት አፈልፋይ ጣቢያ፦ ከደብረ ብርሃን ብርድ ሲታይ

ሳልሞን ወንዝ ላይ ተፈልፍሎ፣ ባሕር ወርዶ አድጎ፣ እንቁላል ለመጣል ወደ ተወለደበት ወንዝ የሚመለስ የብርድ ውሃ ዓሣ ነው። የጫጩት ማፈልፈያ ጣቢያ ሥራ ዓሣው በብዛት የሚያልቅበትን የጨቅላነት ጊዜ ከጎርፍና ከአዳኝ ጠብቆ ማሻገር ነው።

ነገሩ የሚጀምረው በማለብ ነው። አዎ፣ እንደ ላም። የደረሰች ዓሣ ሆዷ ቀስ ተብሎ ሲታሽ፣ አተር የሚያካክል ብርቱካናማ እንቁላል ደረቅ ሳህን ላይ ይወርዳል። ከዚያ የወንዱ ዘር ይጨመርበታል። ውሃ የሚገባው መጨረሻ ላይ ነው፤ ዘሩ ውሃ ከነካው ጉልበቱ ወዲያው ያልቃል።

ቀጥሎ ሒሳብ ነው። ዶሮ 21 ቀን ታቅፋ ትፈለፍላለች። የሳልሞን ግን በቀን ብቻ አይቆጠርም፤ የየዕለቱ የውሃ ሙቀት ይደመራል። ድምሩ 500 ዲግሪ ገደማ ሲደርስ ይፈለፈላል። ውሃው 10 ዲግሪ ከሆነ 50 ቀን፣ 5 ከሆነ 100 ቀን መሆኑ ነው። እስከዚያ እንቁላሉ የተዘረጋባቸው ትሪዎች ጨለማ ውስጥ ይቀመጣሉ፤ ንጹሕ ውሃ ሳያቋርጥ ያልፍባቸዋል። የሞተ እንቁላል ይነጣል። ካልተወገደ ሻጋታ ያበቅልና ጎረቤቱን ይይዛል። ስለዚህ ምስር እንደሚለቅም ሰው አንድ በአንድ መልቀም ነው፤ አሰልቺ ሥራ።

ጫጩቱ የሚወጣው አስኳሉን ሆዱ ላይ ተሸክሞ ነው። ለሳምንታት ስንቁ እሱ ነው፤ ሲያልቅበት ዱቄት መሰል መኖ ይጀምራል። በኋላ ጎኑ ላይ የጣት አሻራ የመሰሉ ጥቁር ምልክቶች ይታያሉ። እነሱ ጠፍተው ገላው እንደ ብር ሲያብለጨልጭ ለጨው ውሃ ደርሷል።

ታዲያ ሰሜን ሸዋ ላይ አይሞከርም ወይ? ደብረ ብርሃን 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ ብርድ ሞልቷል። የኅዳር ውርጭ ብቻውን ግን ዓሣ አያሳድግም። በሬሳ ወንዝ ክረምት ላይ ይደፈርሳል፣ በጋ ላይ ይሳሳል። ደለል ደግሞ እንቁላል ያፍናል። ከፍታ ላይ ውሃ የሚይዘው ኦክስጅንም ያንሳል። የሚያዋጣው ዓመቱን ሙሉ የማይጎድል ምንጭ ነው፤ ለዚያውም ባሕር ለማይፈልገው ለሳልሞን ዘመድ፣ ለትራውት። ትራውት ባሌ ውስጥ እንደ ወብና ደንካ ባሉ ወንዞች ከአሥርት ዓመታት በፊት ተለቆ ለምዷል። አገሬው የሚያውቀው ዓሣ፣ ቆሮሶ (ቲላፒያ) ግን ብርድ አይችልም፤ እሱን ወደ ሸዋ ሮቢት ማውረድ ነው።