ኃይሌ ገሪማ፦ የደራሲ-ዳይሬክተሩ የሥራ ዘመን

ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ በ1946 ጎንደር ተወለዱ (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። አባታቸው ገሪማ ታፈረ ጸሐፌ ተውኔት ነበሩ። ኃይሌ በ1967 ቴአትር ሊማሩ ቺካጎ ሄዱ፤ በ1970 ወደ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው ፊልም ያዙ። ከ1975 ጀምሮ ዋሽንግተን በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለአሥርታት አስተምረዋል። ያለዚያ ደመወዝ የኋለኞቹ ፊልሞች መሠራታቸው ያጠራጥራል።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» (1976) የተቀረጸው በ1974፣ የዘውዱ ሥርዓት በሚንገዳገድበት ወቅት፣ በሁለት ሳምንት ውስጥ ነው። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ፣ 16 ሚሊ ሜትር ነው፤ ከተዋንያኑ ብዙዎቹ ካሜራ ፊት ቆመው የማያውቁ ገበሬዎች ናቸው። የ16 ሚሊ ሜትር ፊልም 400 ጫማ ጥቅል 11 ደቂቃ ያህል ሮጦ ያልቃል። ሁለት ሰዓት ተኩል የሚጠጋን ሥራ በሁለት ሳምንት ለመጨረስ በቀን 10 ደቂቃ ማውጣት ያስፈልጋል፤ በተለመደው አሠራር ግን 5 ደቂቃም ከተገኘ ጥሩ ቀን ነው። ደግሞ ደጋግሞ ለመቅረጽ ጊዜውም ጥሬ ፊልሙም አይበቃም። ስለዚህ የፊልሙ ረጃጅም፣ ሳይቆራረጡ የሚሄዱ ትዕይንቶች የስልት ምርጫ ብቻ ናቸው ማለት ይከብዳል።

ትልቁ ፈተና የመጣው በ«ሳንኮፋ» (1993) ነው። ፊልሙ በበርሊን ፌስቲቫል ተወዳደረ፤ አሜሪካ ውስጥ ግን የሚያከፋፍለው ጠፋ። ኃይሌና ባለቤታቸው፣ ፊልም ሠሪዋ ሽሪኪያና አይና፣ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ራሳቸው አሳዩት። በዚህ አሠራር ባለ አዳራሹ ከትኬት አይካፈልም፤ ቁርጥ ኪራዩን ይቀበላል፣ የመግቢያው ገንዘብ በሙሉ የፊልሙ ነው። ሰው ባይገባም ኪራዩ ያው ነው። ስለዚህ ማስታወቂያ ብቻውን አያዋጣም፤ ከመክፈቻው ቀን በፊት አብያተ ክርስቲያናትን፣ የተማሪ ማኅበራትንና የሠፈር ሰዎችን እየዞሩ ትኬት ማስያዝ ግድ ይላል። ወንበሮቹ የሞሉለት ፊልም ሳምንት ይጨመርለታል፤ ያልሞሉለት ዕዳ ተሸክሞ ይወርዳል። «ሳንኮፋ» ሞላለት። ጥንዶቹ በ1990ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አጠገብ በፊልሙ ስም የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር ከፈቱ።

የዚህ መንገድ ዋጋ ጊዜ ነው። ጸሐፊውም፣ አዘጋጁም፣ ገንዘብ ፈላጊውም፣ ሻጩም አንድ ሰው ሲሆን ቀጣዩ ድርሰት መሳቢያ ውስጥ ይቆያል። «ዓድዋ»ን (1999) የመሰሉ ዘጋቢ ፊልሞች በመካከል ቢወጡም ቀጣዩ ልብ ወለድ ፊልማቸው «ጤዛ» የደረሰው በ2008፣ ከ15 ዓመት በኋላ ነው። በዚያው ዓመት ቬኒስ ፌስቲቫል ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን፣ በ2009 ደግሞ ዋጋዱጉ ላይ የፌስፓኮን (የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል) ታላቅ ሽልማት ወሰደ። «ሳንኮፋ» በ2021 ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ።